የራሞና መጻሕፍት በደብረ ብርሃን ምሽቶች

የአሜሪካዊቷ ደራሲ የቤቨርሊ ክሊየሪ የ«ራሞና» መጻሕፍት ስምንት ሲሆኑ፣ የመጀመሪያው እ.ኤ.አ. በ1955፣ የመጨረሻው በ1999 ታትመዋል። በእነዚህ 44 ዓመታት ባለታሪኳ ያደገችው ከአራት ዓመቷ እስከ አሥር ብቻ ነው፤ በፍጥነት የሚለወጠው በዙሪያዋ ያለው የቤተሰብ ኑሮ ነው። የደብረ ብርሃን ብርድ ሁላችንንም ወደ ከሰሉ ምድጃ በሚሰበስብበት ምሽት ለልጄ ወደ አማርኛ እየመለስኩ ሳነብላት፣ ይህ ለውጥ ጎልቶ ታየኝ።

ከሁሉ የሚበልጠው በ1977 የታተመው፣ ስለ ራሞናና ስለ አባቷ የሚተርከው ነው። አባት ከሥራ ሲወጣ እናት የሙሉ ቀን ሥራ ትይዛለች፤ እርሱ ቤት ውሎ በጭንቀት ሲያጨስ፣ ልጆቹ ሲጋራውን እንዲተው የሚማጸኑ ጽሑፎችን በየቦታው ያኖሩለታል። በእኔ ልጅነት መንዝ ውስጥ አባቱን እንዲህ የሚገሥጽ ልጅ ጥጋበኛ ይባል ነበር። ልጄ ግን ሐሳቡን ስለ ወደደችው፣ በማግስቱ «አባዬ፣ ስልክህን አስቀምጥ» የሚል ወረቀት መስተዋቱ ላይ ለጥፋ አገኘሁ።

በ1981ዱ መጽሐፍ ደግሞ አባት ሥራና ትምህርት አጣምሮ ይዟል። ራሞና የተቀቀለ መስሏት ጥሬ እንቁላል በራሷ ላይ የምትሰብርበት ምዕራፍ ምንም ማብራሪያ አላስፈለገውም። የመጨረሻው መጽሐፍ ግን ቀዝቀዝ ያለ ሆኖ አግኝቼዋለሁ፤ የቀደሙት የነበራቸው የገንዘብ ጭንቀት ስለ ራቀው፣ ቀልዱም አብሮ ሳስቷል። እንግሊዝኛው ቀላል በመሆኑ የስድስተኛና የሰባተኛ ክፍል ተማሪ በትንሽ እገዛ ይዘልቀዋል።