የሉንዱ የአስሊያን ድምፅ ማኅደር፦ ለአጥኚ ሲሳይ፣ ለጀማሪ ዳገት

ስዊድን ውስጥ በሉንድ ዩኒቨርሲቲ የሚገኘው አርደብሊውኤኤአይ የኦስትሮኤሺያቲክ ቋንቋዎች፣ ማለትም በደቡብና በደቡብ ምሥራቅ እስያ የሚነገር የአንድ ቋንቋ ቤተሰብ፣ ዲጂታል ማኅደር ነው። የምንገመግመው የአስሊያን ክፍሉን ብቻ ነው። የአስሊያን ቋንቋዎች የዚሁ ቤተሰብ ቅርንጫፍ ናቸው፤ በማላይ ባሕረ ገብ መሬትና በደቡብ ታይላንድ የሚነገሩ ሲሆን፣ ቁጥራቸው ሃያ አይሞላም። ከእነዚህ አንዱ፣ እ.ኤ.አ. በ2018 ይፋ የሆነው ጄዴክ፣ 280 ያህል ተናጋሪዎች ብቻ አሉት።

የመጀመሪያው እንቅፋት ፍለጋው ነው። አንዱ ቋንቋ ባቴክም ባቴግም፣ ሌላው ቼቅ ዎንግም ቼዎንግም ተብሎ ይጻፋል። በአንዱ አጻጻፍ ብቻ ፈልገው «የለም» ብለው አይውጡ፤ ሌላውንም ይሞክሩ። ሁሉም ፋይል ክፍት እንዳልሆነም ይወቁ። ፈቃድ የሚጠይቀውን ዛሬ ጠይቀው ነገ ለመጠቀም አያቅዱ።

ካገኙ በኋላ ያልተጨመቀውን የድምፅ ፋይል፣ ዋቭን፣ ይምረጡ። በ48 ኪሎኸርዝና በ24 ቢት የተቀዳ ስቴሪዮ በደቂቃ 17 ሜጋባይት ገደማ ይፈጃል፤ አንድ ሰዓቱ ወደ 1 ጊጋባይት ይጠጋል። የኢንተርኔት ጥቅሉ ቢያሳሳም በጣም የተጨመቀ ኤምፒስሪ ግን አይመከርም። በእነዚህ ቋንቋዎች የቃል መጨረሻ ላይ ያሉት እንደ «ክ» እና «ት» ያሉ ድምፆች ሳይፈነዱ ታፍነው ይቀራሉ፤ መጭመቁ ይህንኑ ረቂቅ ልዩነት ሊያደበዝዘው ይችላል።

የተቀዳው ንግግር የሰፈረበትን ጽሑፍ ለማየት ኢላን የተባለው ነፃ ሶፍትዌር ያስፈልጋል። የኢላን ፋይል በውስጡ ድምፅ የለውም፤ ጊዜና ጽሑፍ ብቻ ነው የያዘው። እሱንና የድምፅ ፋይሉን በአንድ አቃፊ ካላስቀመጡ ድምፁ የት እንዳለ ይጠይቅዎታል። ተበላሸ ብለው እንዳይሰርዙት፤ ቦታውን ማሳየት ይበቃል።

ቃል ሲፈልጉ ደግሞ ሥሩን እንዳለ መጻፍ አያዛልቅም። ከአስሊያን ቋንቋዎች አንዱ በሆነው በቴሚያር «ስሎግ»፣ ማለትም ተጋደመ፣ ድርጊቱ ሲቀጥል «ሴግሎግ» ይሆናል፤ የመጨረሻው ተነባቢ ተደግሞ መሐል ይገባል። ስለዚህ በሬጉላር ኤክስፕረሽን፣ ማለትም የቃሉን ቅርጽ በምልክት ገልጾ በመፈለጊያ ዘዴ፣ በመጀመሪያውና በመጨረሻዎቹ ተነባቢዎች መካከል ክፍተት ትተው ይፈልጉ። የአፍንጫ አናባቢ ምልክትም አንዳንዴ ከፊደሉ ጋር ተዋሕዶ፣ አንዳንዴ ለብቻው ተደርቦ ይጻፋል። ለዓይን አንድ ናቸው፤ ለኮምፒውተሩ ግን ሁለት።

በይዘቱ ጥራት አንከራከርም። ቋንቋ ልማር ብሎ ለሚመጣ ግን ትምህርት የለውም፣ ልምምድ የለውም። ትልቁ ቅሬታችን ገጹ በእንግሊዝኛ መሆኑ ነው። የማሌዢያዎቹ ተናጋሪዎች ትምህርት ቤት የሚያነቡት በዋናነት ማላይኛ ስለሆነ፣ የአያቶቻቸውን ድምፅ ለመስማት አስተርጓሚ ያሻቸዋል።