የ1996ቱ የወንጀል ሕግ ለግድያ ጉዳይ ምን ያህል ያገለግላል?

በግድያ ጉዳይ ይህን ጥራዝ የሚገዛ ሰው መጀመሪያ የሚገልጠው ስለ ከባድ ግድያ የሚደነግገውን አንቀጽ 539ን ነው። ዕድሜ ልክ ወይም ሞት የሚለውን ያያል፣ ይደነግጣል፣ ይዘጋዋል። ለሥራው የሚያስፈልገው ነገር ግን አብዛኛው ከዚያ ብዙ ገጽ ቀደም ብሎ፣ ለሁሉም ወንጀል በሚሠራው «ጠቅላላ ክፍል» ውስጥ፣ አንቀጽ 32 (ማን ተካፋይ ነው) እና 58 (ሆን ብሎ ማድረግ ምንድን ነው) ላይ ተቀምጧል። እዚህ የምንመዝነው በአዋጅ ቁጥር 414/1996 የወጣውን፣ ከግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም. ጀምሮ የጸናውን ሕግ የአማርኛ ቅጂ ሲሆን፣ የምንመዝነውም በአንድ ሥራ ብቻ ነው፦ አንዱን ግድያ ከሌላው፣ ተካፋዩን በአጋጣሚ እዚያ ከተገኘው ለመለየት ይበቃል ወይ?

ሲገዙ ሽፋኑን ይዩ። «የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ» የሚለው የ1949ኙ ነው፤ የአሁኑ «የወንጀል ሕግ» ይባላል። በአሮጌው ከባዱ ግድያ 522፣ ቀጥሎ ያለው 523 ነበር። የቆየ ውሳኔ ለሚያነብ ካልሆነ አያስፈልግም። የእንግሊዝኛው ቅጂ ለማመሳከሪያ ይጠቅማል፤ ሁለቱ ከተለያዩ የሚጸናው አማርኛው ነውና ክርክር አይጻፍበትም።

የግድያው ምዕራፍ አከፋፈል የተጣራ ነው። ሆን ተብሎ የተፈጸመው ሦስት እርከን አለው፤ 539 ከባድ፣ 540 ተራ፣ 541 ቀላል። 540 የራሱ መለያ የለውም፣ ከ539ም ከ541ም ያልገባው ሁሉ ይወድቅበታል፤ ቅጣቱ ከ5 እስከ 20 ዓመት ጽኑ እስራት ነው። 541 ከመከላከል መብቱ ልክ ላለፈ፣ ወይም በከባድ ማስቆጣት ደሙ ፈልቶ ለገደለ ሰው ነው፤ ከ5 ዓመት የማይበልጥ ቀላል እስራት። በቸልተኝነት መግደል ለብቻው 543 ላይ ነው፣ መነሻው ከ6 ወር እስከ 3 ዓመት ቀላል እስራት ወይም መቀጮ ሲሆን፣ እንደ ሐኪምና ሹፌር ሕይወት የመጠበቅ ግዴታ ላለበት ሰው ይከብዳል።

ጥራዙ የሚደክመው 539(1)(ሀ) ላይ ነው። አስቀድሞ ማሰብን፣ መነሻ ምክንያትን፣ መሣሪያን፣ የአፈጻጸም ሁኔታን ይዘረዝርና ሁሉንም ከአንድ ነገር ጋር ያስራቸዋል፦ ገዳዩ በተለየ ሁኔታ ጨካኝ፣ ነውረኛ ወይም አደገኛ መሆኑን ማሳየት አለባቸው። ብዙ ክስ የሚበላሸው ዝርዝሩን አንብቦ ማሰሪያውን በመዝለል ነው። ሽጉጥ ስለተተኮሰ ብቻ 539 አይሆንም። አስቦ መጥቷል ማለትም ብቻውን አይበቃም፤ እንዴት እንዳሰበ፣ ለምን ያህል ጊዜ እንዳደባ፣ ሟቹ ከወደቀ በኋላ ምን እንዳደረገ መታየት አለበት። ጭካኔ የሚለካው በምን ያህል ነው? ጥራዙ መልስ የለውም፤ መልሱን የመጨረሻ ውሳኔ ላይ ያለን የሕግ ስህተት የሚያርመው የሰበር ችሎት ውሳኔዎች ከታተሙባቸው መጻሕፍት መፈለግ ነው። ስለዚህ ሕጉን ብቻ ገዝቶ ለ539 ክርክር ተዘጋጅቻለሁ የሚል ግማሽ ዕቃ ነው የገዛው።

58 ግን ዋጋውን ያወጣል። በቀጥታ አስቦ ከመግደል ሌላ፣ ውጤቱ ሊደርስ እንደሚችል እያወቀ «ቢደርስም ይድረስ» ብሎ የገፋውንም ሆን ብሎ እንዳደረገ ይቆጥረዋል። 59 ላይ ያለው ቸልተኛ «አይደርስም» ብሎ የገፋው ወይም ማሰብ ሲገባው ያላሰበው ነው። በሠርግ ላይ የሚተኮስ ጠመንጃን ይውሰዱ። አፈሙዙን ሽቅብ አቅንቶ፣ ከሰው ርቆ ተኩሶ ሰው ቢሞትበት ጉዳዩ ወደ 543 ያመዝናል። ያው ሰው ሞቅ ብሎት በሚጨፍሩት ሰዎች አናት ላይ አግድም ቢተኩስ፣ ያውም «ኧረ ዝቅ አለ!» እየተባለ፣ 540 ይመጣል። ጠመንጃውም ሠርጉም አንድ ናቸው፤ ምስክር መጠየቅ ያለበት ስለ አፈሙዙ አቅጣጫና ስለ ማስጠንቀቂያው ነው።

አሁን ወደ 32። በፍርድ ቤት በር ያለፈ ሁሉ «32(1)(ሀ) እና (ለ)ን እና 539(1)(ሀ)ን በመተላለፍ» የሚለውን ያውቀዋል። (ሀ) ድርጊቱን ለፈጸመው ነው። (ለ) እጁን ባያሳርፍም በሙሉ ሐሳቡ በወንጀሉ አፈጻጸምም በሚገኘውም ውጤት ተካፋይ ለሆነው። «ውጤት» የምትለዋን ቃል ያስምሩባት። አንዱ ሟቹን ከኋላ አንቆ ያዘ፣ ሌላው ጩቤ መዝዞ ደረቱን ወጋ እንበል። ያዡ ጩቤው እንዳለ አውቆ ከያዘ፣ ወይም ሌላው አንዴ ከወጋ በኋላም ካለቀቀ፣ በ(ለ) ከወጊው እኩል ዋና ወንጀል አድራጊ ነው። በጡጫ ሊመቱት ተስማምተው ጩቤው ድንገት ከወጣና እሱም ወዲያው ከለቀቀ ግን፣ 32(2) ወደ 58(3) ይመልሰዋል፤ ካሰበው በላይ ለሆነው አይጠየቅም፣ ለድብደባው ግን ይጠየቃል። አውቆ የረዳ፣ ውጤቱን ግን የራሱ ያላደረገ ሰው ቦታው 37 ነው፣ አባሪ ይባላል፣ ቅጣቱም ሊቀንስለት ይችላል። ግድያው ካለቀ በኋላ ጩቤውን የደበቀ ከዚህ ሁሉ ውጭ ነው፤ 40 ወንጀሎችን አንድ በአንድ ወደሚዘረዝረው «ልዩ ክፍል» ይመራዋል።

ክስ ጻፊዎች (ሀ)ን እና (ለ)ን በአንድነት ለአምስት ተከሳሽ ሲያከናንቡ ማን ያዘ፣ ማን ወጋ የሚለው ይጠፋል። ይህ የሕጉ ጉድለት አይደለም፤ በ1954ቱ የሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 130 መሠረት መቃወሚያ የሚቀርብበት ነው።

በአጠቃቀም ረገድ ጥራዙ ብዙ ያስገልጣል። 541 ብቻውን ወደ 75፣ 78 እና 79 ይልካል፤ 32 ደግሞ ወደ 41፣ 58 እና 88። እነዚህ ላይ ባለቀለም ወረቀት ቢለጥፉ ችሎት ላይ አይንተባተቡም። የድንጋጌዎቹን ምክንያት የሚያብራራውን ሰነድ፣ ሐተታ ዘምክንያቱን፣ ለብቻው ይፈልጉ፤ ሕግ ባይሆንም የ539ን ሐሳብ ለመረዳት ያግዛል። የሚገዙት ፎቶ ኮፒ ከሆነ ከመክፈልዎ በፊት 539(1)ን በጣት እየተከተሉ ያንብቡ፤ (ለ) ማለትም የወንበዴ ቡድን አባል ሆኖ መግደል፣ (ሐ) ማለትም ሌላ ወንጀል ለመፈጸም ወይም ለመሸፈን መግደል፣ ሁለቱም መኖር አለባቸው። የ(ሀ) የጭካኔ ሚዛን አይነካቸውምና ከገጹ ግርጌ ተቆርጠው ከቀሩ ጥራዙን ለሻጩ ይመልሱለት።