ስቱዲዮ ወይስ ሜዳ፦ ለጎጃም ጀማሪ የኮሜዲ ዳይሬክተር

የቴሌቪዥን መዝናኛ ዳይሬክተር መሆን ለሚፈልግ የባሕር ዳር ወይም የደብረ ማርቆስ ወጣት ሁለት መንገድ አለ።

አንደኛው በስቱዲዮ፣ በታዳሚ ፊት፣ በሦስት ወይም በአራት ካሜራ መቅረጽ ነው። ዳይሬክተሩ ከመቆጣጠሪያ ክፍል ሆኖ ሁሉንም ምስሎች በአንድ ጊዜ እያየ የትኛው እንደሚተላለፍ እዚያው ይወስናል። ጎጃም የቅኔ አገር ነው፤ አዝማሪ ማሲንቆውን ይዞ ሰምና ወርቅ ሲያወርድ ሳቁ የሚፈነዳው ግጥሙ ሲያልቅ ሳይሆን ወርቁ ለአድማጭ ሲገለጥለት ነው። ያችን ቅጽበት ለመያዝ አንዱ ካሜራ አዝማሪውን፣ ሌላው የታዳሚውን ፊት መጠበቅ አለበት። እንደገና ይባል ቢባል ያ ሳቅ አይመለስም።

ሁለተኛው በአንድ ካሜራ፣ ከስቱዲዮ ውጭ፣ ትዕይንቱን እየደጋገሙ መቅረጽ ነው። ወጪው ያንሳል፤ የገበያ ቀን ግርግርንና የጣናን ዳርቻ እንዳሉ ያሳያል። ተዋናዩ ግን የሚስቅለት ታዳሚ የለውም፤ ሳቁ የት እንደሚመጣ የሚገምተው ዳይሬክተሩ ነው። ከባድ ሥራ ነው!

እኔ በአንድ ካሜራ ጀምሮ አርትዖትን በገዛ እጅ መማርን እመርጣለሁ። የት መቁረጥ እንዳለበት ያልለመደ ሰው ስቱዲዮ ሲገባ «ካሜራ ሁለት!» የሚለው ዘግይቶ ነው፤ ምስሉ ሲቀየር ታዳሚው ስቆ ጨርሷል።