ፍሬዶን የተጫወተው ሰው፦ የጆን ካዛል ዘጋቢ ፊልም ሲገመገም

ጎድፋዘርን ያየ ሰው ፍሬዶን፣ የማፊያውን አለቃ ደካማ ልጅ፣ አይረሳም። ማን ተጫወተው ሲባል ግን አብዛኛው ያመነታል። ዳይሬክተር ሪቻርድ ሼፓርድ "አይ ኒው ኢት ዎዝ ዩ" ያለውን ዘጋቢ ፊልም የሠራው ለዚህ ሰው፣ ለጆን ካዛል ነው። ፊልሙ በ2009 በሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል ታየ (ዓመቶቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)፤ ርዝመቱ 40 ደቂቃ ገደማ ነው። ርዕሱ የተወሰደው ከጎድፋዘር ክፍል ሁለት ነው፦ ሃቫና ላይ፣ በአዲስ ዓመት ዋዜማ፣ ማይክል የወንድሙን የፍሬዶን ጭንቅላት ጨምድዶ ከሳመው በኋላ የከዳኸኝ አንተ መሆንህን አውቄአለሁ የሚልበት ቦታ።

ፊልሙ መታየት አለበት። ጊዜውን ካልመረጡለት ግን ጉዳቱ ያመዝናል፤ ወደዚያ እመለሳለሁ።

ካዛል በረዥም ፊልም የተጫወተው አምስት ጊዜ ብቻ ነው፦ ጎድፋዘር (1972)፣ ዘ ኮንቨርሴሽን (1974)፣ ጎድፋዘር ክፍል ሁለት (1974)፣ ዶግ ዴይ አፍተርኑን (1975) እና ዘ ዲር ሀንተር (1978)። አምስቱም ለምርጥ ፊልም ኦስካር ታጭተዋል፣ ሦስቱ አሸንፈዋል። እሱ ራሱ አንድም ጊዜ አልታጨም። በመጀመሪያው ጎድፋዘር ጄምስ ካን፣ ሮበርት ዱቫልና አል ፓቺኖ ሦስቱም በረዳት ተዋናይ ዘርፍ ታጩ። በሁለተኛው ደ ኒሮ፣ ጋዞና ስትራስበርግ ታጩና ደ ኒሮ ወሰደው። በዶግ ዴይ ክሪስ ሳራንደን፣ በዲር ሀንተር ክሪስቶፈር ዎከን ተጠሩ። ዎከን አሸነፈም። እንግዲህ አጠገቡ የቆመው ሁሉ ስሙ ሲጠራ ካዛል ታልፏል። ለምን እንደታለፈ ዘጋቢው ላይ ከሚናገሩት ምስክሮች ይልቅ ዘጋቢው የመረጣቸው ትዕይንቶች በደንብ ይናገራሉ። የሚጫወታቸው ሰዎች ደካሞች ናቸው፤ እሱም ድክመታቸውን አያሳምረውም፣ እዘኑላቸው ብሎም አይለምንም። ሸላሚ ደግሞ ብዙ ጊዜ የሚያየው ጮክ ያለውን ነው።

የዘጋቢው ዋና ጥንካሬ ትዕይንቶቹን ቁጭ ብሎ መመርመሩ ነው። አባቱ ዶን ቪቶ ፍራፍሬ ሊገዛ ወርዶ በጥይት ሲመታ ፍሬዶ ከመኪናው ይወጣል፣ ሽጉጡን ለማውጣት ይታገላል፣ ከእጁ ያመልጠዋል። ከዚያ አስፋልቱ ዳር ቁጭ ብሎ እንደ ሕፃን ያለቅሳል። የተዋናይነቱ ብልሃት እጁ ላይ ነው። ሽጉጡ የሚወድቀው ለማሳቅ ወይም ለማስደንገጥ አይደለም፤ መሣሪያ ይዞ የማያውቅ ሰው እጅ በድንጋጤ እንዲያ ነው የሚሆነው።

ከሁሉ የሚበልጠው ግን በክፍል ሁለት በሐይቁ ዳር ቤት ውስጥ ያለው ትዕይንት ነው። ከመስኮቱ ውጭ በረዶ ይታያል። ፍሬዶ ወደ ኋላ በተንጋለለ ወንበር ላይ ተዘርግቷል፣ ማይክል ቆሟል። ታላቅ ወንድም ሆኜ ተዘለልኩ፣ እኔም አዋቂ ነኝ ብሎ በቁጣ ሊነሣ ሲሞክር ወንበሩ አያስነሣውም። እጁ ይወራጫል፣ ገላው መልሶ ይወድቃል። ቁጣው ልክ ነው፣ አቀማመጡ ግን ያዋርደዋል። ሌላ ተዋናይ ቢሆን ብድግ ብሎ ቆሞ በጮኸ ነበር፤ ትዕይንቱም እዚያው ይበላሽ ነበር። ትወና የሚማር ሰው ይህን ክፍል አንድ ጊዜ በድምፅ፣ አንድ ጊዜ ድምፁን አጥፍቶ ቢያየው ያተርፋል። ድምፅ ሳይኖር ትከሻና አንገት ምን እንደሚሠሩ ቁልጭ ብሎ ይታያል።

ሁለተኛው ሀብቱ ዳይሬክተሩ ሲድኒ ሉሜት ስለ ዶግ ዴይ የሚያወራው ነው። የባንክ ዘራፊው ሳል በእውነተኛው ታሪክ የ18 ዓመት ልጅ ነበር፣ ካዛል ግን ሲጫወተው 39 ሞልቶት ነበር። ሉሜት በዕድሜው ምክንያት አልፈለገውም። ፓቺኖ ወተወተ፣ ካዛልም መጥቶ ጽሑፉን ሲያነብ ነገሩ አለቀ። በፊልሙ ፓቺኖ፣ ማለትም ሶኒ፣ ከአገር ስንወጣ የት አገር መሄድ ትፈልጋለህ ብሎ ሲጠይቀው ሳል ትንሽ አስቦ "ዋዮሚንግ" ይላል። በጽሑፉ ላይ የለም፣ ካዛል እዚያው ያመጣው ነው። ሉሜት ሳቁ አምልጦት ቀረጻውን ሊያበላሽ እንደነበር ያስታውሳል። ያሳቀው የካዛል ፊት ፈጽሞ አለመሳቁ ነው፤ ሳል ዋዮሚንግ የአሜሪካ ግዛት እንጂ ሌላ አገር አለመሆኗን በእርግጥ አያውቅም። በዚያው ፊልም ሳል የባንኳን ሠራተኛ ሲጋራ ስታጨስ አይቶ ሰውነት የጌታ መቅደስ ነው ብሎ ይመክራታል። ካዛል ራሱ አጫሽ ነበር፣ በ1978 የሞተውም በሳንባ ካንሰር ነው።

ፓቺኖ ስለ ትወና ከማንም በላይ ከካዛል ተምሬአለሁ ይላል። ከተራ ውዳሴ የሚለየው ዘዴውንም ስለሚነግረን ነው፤ ካዛል ስለሚጫወተው ሰው ጥያቄ ያበዛ ነበር፣ መልሱን ባያገኝም መጠየቁን አይተውም። ሁለቱ የተገናኙት ኒውዮርክ ውስጥ ለእንጀራቸው በስታንዳርድ ኦይል ኩባንያ መልእክተኛ ሆነው ሲሠሩ ነው። በ1968 በኢዝራኤል ሆሮቪትዝ ተውኔት አብረው ተጫውተው ሁለቱም የኒውዮርክ የቲያትር ሽልማት የሆነውን ኦቢን ወሰዱ። በኋላም በሌላ የሆሮቪትዝ ተውኔት ላይ ሳለ ነው ተዋናይ መራጩ ፍሬድ ሩስ አይቶት ለጎድፋዘር ዳይሬክተር ለኮፖላ የጠቆመው።

ዘጋቢው የሚያነክሰው እዚህ ላይ ነው። ካዛል በ1935 ማሳቹሴትስ ውስጥ ሪቪየር ከተማ ተወልዶ፣ ቦስተን ዩኒቨርሲቲ ድራማ ተምሮ፣ ጎድፋዘር ሲወጣ 36 ዓመቱ ነበር። ይህን ሁሉ ዓመት የሠራው መድረክ ላይ ነው፤ ዘጋቢው ግን ይህን ዘመን እየሮጠ ያልፈዋል። የመድረክ ምስል እንደ ልብ አይገኝም ቢባል እንኳ ሆሮቪትዝ ራሱ ካሜራ ፊት ተቀምጧል፣ ሊጠየቅ ይችል ነበር። ሌላው ጉድለት ሁሉም አመስጋኝ መሆኑ ነው። ስቲቭ ቡሼሚ፣ ፊሊፕ ሲሞር ሆፍማንና ሳም ሮክዌል የሙያ ዓይን ስላላቸው ትንታኔያቸው ይጠቅማል፤ ሌሎቹ በየተራ ድንቅ ነበር ሲሉ ግን 40 ደቂቃውም ይረዝማል። ዘ ኮንቨርሴሽንም የሚገባውን ያህል ጊዜ አላገኘም። እዚያ ካዛል የድምፅ ጠላፊው ረዳት ስታን ነው። ሥራው መጠየቅና ጂን ሃክማንን ማስቆጣት ብቻ ነው፤ የሃክማን ዝምታ እንዲያ የከበደውም ስታን ስለማያርፍ ነው።

ስለ መጨረሻው ፊልም የሚነገረው በጥንቃቄ ተይዟል። ዲር ሀንተር ሲጀመር ካዛል በጠና ታሞ ነበር፤ ስቱዲዮው ይውጣ አለ። ፍቅረኛው ሜሪል ስትሪፕ እሱ ከወጣ እኔም እወጣለሁ አለች። የእሱ ትዕይንቶች ቀድመው ተቀረጹ። የኢንሹራንሱን ዋስትና ደ ኒሮ ከኪሱ ሸፈነ እየተባለ ይወራል፣ ደ ኒሮ ግን ሲጠየቅ ይሸሻል። በፊልሙ ካዛል የሚጫወተው ስታን (ከኮንቨርሴሽኑ ስታን ጋር ስሙ ብቻ ነው የሚገጥመው) ሁሌ ፀጉሩን የሚያበጥር፣ ትንሽ ሽጉጥ ይዞ የሚዞር፣ ለአደን ሲወጣ ግን ጫማውን የሚረሳ ሰው ነው። ያንን ከንቱ ሰው የተጫወተው ሊሞት ወራት የቀሩት ተዋናይ መሆኑን ካላወቁት በቀር ከፊቱ አያነቡትም። ካዛል መጋቢት 1978 ሞተ፣ ፊልሙ የወጣው በታኅሣሥ ነው። ስለ ካዛል እምብዛም የማታወራው ስትሪፕ እዚህ ትናገራለች፣ ዳይሬክተሩም ለቅሶ ለማውጣት አልጎተጎታትም።

አሁን ስለ ጊዜው። ዘጋቢው የፍሬዶንም የሳልንም መጨረሻ ያለ ማስጠንቀቂያ ያሳያል፤ ስለዚህ አምስቱን ፊልም ሳያዩ አይክፈቱት። አምስቱ ሲደመሩ ከ13 ሰዓት በላይ ናቸው። በወጡበት ቅደም ተከተል ማየት ጥሩ ነው፣ በተለይ ሁለቱን ጎድፋዘሮች በኮንቨርሴሽን ከፍሎ ማየት ካዛል ከፍሬዶ ውጭ ምን እንደሚችል ያሳያል። ጊዜ የሌለው ሰው ሁለቱን ጎድፋዘሮችና ዶግ ዴይን አይቶ ወደ ዘጋቢው ቢገባ ብዙ አይጎድልበትም፤ የዲር ሀንተር ክፍል ግን ታሪኩን አስቀድሞ ይነግረዋል።

ዘጋቢውን ብቻውን በኢንተርኔት ከማየት ዲቪዲውን ማግኘት ይሻላል። የፓቺኖና የሆሮቪትዝ ቃለ ምልልስ በረዥሙ ተጨምሮበታል፤ ዋናው ፊልም የዘለለው የመድረክ ዘመን በከፊል የሚገኘው እዚያ ነው። በተጨማሪም ወዳጁ ማርቪን ስታርክማን በ1960ዎቹ የሠራቸው፣ ካዛል የተሳተፈባቸው ሁለት አጫጭር ፊልሞች አሉ። በፊልምነታቸው ቀላል ናቸው፤ ከፍሬዶ በፊት የነበረውን ካዛል ለማወቅ ግን መጀመሪያ የሚከፈቱት እነሱ ናቸው።