አራት ኪሎ አካባቢ የገዛሁት የባሕር ወይን ችግኝ

ባለፈው ዓመት ጥቅምት ላይ አራት ኪሎ አካባቢ መንገድ ዳር ከሚገኝ ችግኝ መሸጫ የባሕር ወይን የተባለ የባሕር ዳር ዛፍ አንድ ችግኝ በ900 ብር ገዝቼ ዓመት ሙሉ በረንዳዬ ላይ ስንከባከበው ቆይቻለሁ። ችግኙ በገዛሁበት ዕለት ጤነኛ ነበር፤ ቅጠሎቹ ክብ፣ እንደ ቆዳ ወፍራም፣ ጅማታቸው ደም የመሰለ ቀይ ሲሆን፣ አዲስ የሚያቆጠቁጠው ቅጠል የመዳብ ቀለም ይዞ ወጥቶ ቀስ በቀስ ወደ አረንጓዴ ይለወጣል። ለዚህ ውበት ብቻ እንኳ ዋጋው አልበዛብኝም።

ቅሬታዬ በምክሩ ላይ ነው። ሻጩ «ጥላ ይወዳል፣ ፍሬም ይሰጥዎታል» ብሎኝ ነበር፤ ነገሩ ግን እንዲያ አይደለም። የባሕር ወይን በካሪቢያንና በፍሎሪዳ ዳርቻዎች አሸዋ ላይ የሚበቅል፣ ሙሉ ፀሐይ የሚፈልግ፣ ጨው የተሸከመ ነፋስ የማይበግረው፣ ውርጭን ግን የማይችል ዛፍ ነው። በፍሎሪዳ አሸዋውን ይዞ ስለሚያቆምና የመንገድ መብራት እንቁላል ለመጣል ከባሕር የሚወጡትን ኤሊዎች እንዳያሳስት ስለሚከልል፣ ከባሕር ዳር ቆርጦ መውሰዱ በሕግ የተገደበ ነው። ፍሬውን በተመለከተ ወንዴና ሴቴ አበባ የሚይዙት የተለያዩ ዛፎች ስለሆኑ፣ አንድ ችግኝ ብቻውን በረንዳ ላይ ተቀምጦ ያፈራል ማለት ገዢን ማሳሳት ነው። (ከእኛው መቅመቆ ጋር በአንድ የዕፅዋት ቤተሰብ መመደቡን ሳውቅ እንደ ዘመድ አቀረብሁት።)

ትልቁ ጉዳት የደረሰው በአፈሩ ምክንያት ነው። ማሰሮው የተሞላው በዋልካ አፈር ስለነበረ ሐምሌ ላይ ዝናቡ ሲበረታ ውኃው አልወርድ ብሎ ተኛበት፤ ቅጠሎቹ ቢጫ ሆኑ፣ አራቱ ረገፉ። ነቅዬ ሳየው የሥሩ ጫፍ ጠቁሮ በጣት ሲነካ ይላላጥ ነበር። የበሰበሰውን ቆርጬ፣ ሁለት እጅ የወንዝ አሸዋ ከአንድ እጅ ብስባሽ ጋር ቀላቅዬ፣ ከሥሩ ቀዳዳ ባለው ማሰሮ መልሼ ተከልሁት፤ ውኃም አፈሩ ከላይ ሲደርቅ ብቻ አጠጣው ጀመር። መስከረም ሲጠባ ሦስት አዲስ ቅጠል አወጣ።

ችግሩን ለመሸጫው ስነግራቸው አልተከራከሩኝም። እዚያ የሚሠሩት አዛውንት አትክልተኛ የአፈሩን ነገር ሰምተው «ልጄ፣ ይኼንንማ በአሸዋ ነበር መትከል፤ ጥፋቱ የእኛ ነው» ብለው አንድ ጆንያ ሙሉ አሸዋ ያለ ክፍያ ሰጡኝ። ይህን ቅንነታቸውን ከልብ አከብራለሁ። ሁለተኛ ችግኝ ልገዛ ስል ከቅርንጫፍ ይሁን ከዘር የበቀለ ብዬ ጠየቅኋቸው፤ ፍሬ ከሰጠች ዛፍ የተቆረጠ ቅርንጫፍ ሴት መሆኑ አስቀድሞ ይታወቃልና። ከዘር መሆኑን፣ ጾታውም የሚለየው ሲያብብ ብቻ መሆኑን ሳይደብቁ ነገሩኝ፤ እኔም ይህንኑ አውቄ ገዛሁት።