የታፈነው ማነው? የናውማን ሁለት ኮሪደሮች

የአሜሪካዊው አርቲስት የብሩስ ናውማን ሁለቱም ኮሪደሮች ወርዳቸው 50 ሴንቲ ሜትር ያህል ነው፤ ትከሻ ግድግዳ ሊነካ ምንም አይቀረውም። በ1968 እ.ኤ.አ. ናውማን በአንደኛው ውስጥ እጆቹን ማጅራቱ ላይ አቆላልፎ፣ በየእርምጃው ዳሌውን ግራና ቀኝ እያወጣ ሲመላለስ ለ60 ደቂቃ ራሱን በቪዲዮ ቀረጸ። የታፈነው እሱ ነው፤ ተመልካች ተቀምጦ ያያል። እውነት ለመናገር ይረዝማል።

የ1970ው ኮሪደር ይሻላል፤ የሚታፈነው ተመልካቹ ራሱ ነውና። ካሜራው ከመግቢያው በላይ ተሰቅሏል፤ ከወዲያኛው ጫፍ ሁለት ቴሌቪዥኖች ተደራርበዋል። አንዱ ባዶውን ኮሪደር ከቴፕ ያጫውታል፣ ሌላው የገባውን ሰው በቀጥታ ያሳያል። ወደ ስክሪኑ በተጠጋህ ቁጥር ከካሜራው ትርቃለህ፤ ስለዚህ ጀርባህ እያነሰ ይሄዳል፣ ፊትህን ግን አታገኘውም። ሰው ተከትሎህ ከገባ ይጋርድሃል፤ አንድ በአንድ መግባት ነው።