ደብተራ ኦሪትና የእኛ ቤተ ክርስቲያን

በኦሪት ዘጸአት የተነገረችው ደብተራ ኦሪትና ክቡ የገጠር ቤተ ክርስቲያናችን ከውጭ ሲታዩ አይመሳሰሉም። ደብተራ ኦሪት ርዝመቷ 30 ክንድ፣ ወርዷ 10 ክንድ፣ ደመናው ሲነሣ ተነቅላ የምትጓዝ ድንኳን ናት፤ ሳንቃዋ ግራር፣ ከመጋረጃዎቿ አንዱ የፍየል ጠጉር። የእኛው በጽድና በወይራ ተከቦ ከቦታው አይነቃነቅም።

ወደ ውስጥ ሲዘለቅ ግን ዝምድናው ይታያል። እዚያ አደባባይ፣ ቅድስት፣ ቅድስተ ቅዱሳን፤ እዚህ ቅኔ ማሕሌት፣ ቅድስት፣ መቅደስ። በቅኔ ማሕሌት ቆመው የሚዘምሩት ሊቃውንትም ደብተራ ይባላሉ።

ለእኔ ትልቁ ልዩነት መጋረጃው ላይ ነው። በኦሪቱ ወደ ቅድስተ ቅዱሳን የሚገባው ሊቀ ካህናቱ ብቻ ነበር፤ እሱም በዓመት አንድ ቀን፣ የወይፈንና የፍየል ደም ይዞ። ሕዝቡ ውጭ ቆሞ ይጠብቃል። በእኛም መቅደሱ የካህናትና የዲያቆናት ነው፤ ነገር ግን የክርስቶስ ሥጋና ደም ከመጋረጃው ወጥቶ ለሕዝቡ ይደርሳል። በእናቱ ጀርባ የታዘለ ሕፃን እንኳ ይቆርባል። ዕብራውያን ምዕራፍ 9ን ሳነብ ዓይኔ ላይ የሚመጣው ያ ሕፃን ነው።

ታቦቱም ይለያል። በኦሪት አንድ ነበር፣ ጽላቱ የሚያርፉበት። ዛሬ በየቤተ ክርስቲያኑ አለ፤ ቅዱስ ቁርባኑም የሚሠዋው በእርሱ ላይ ነው።

ጉዞው ግን ፈጽሞ አልቀረም። ጥር 10 ቀን፣ በከተራ፣ ታቦቱ በካህኑ ራስ ላይ ሆኖ ይወጣል፤ ውኃ ዳር በተተከለ ድንኳን ውስጥም ያድራል።